የዘመን ጅረት ችካል

«በእብነ በረድ ላይ ነው እኮ የምናስቀርጸው፤ ያውም በወርቅ ቀለም!»

«በወርቅም ጻፈው በኖራ፣ የአጎቴ ስም እዚያ ድንጋይ ላይ አይወጣም አልኩህ።»

«ሳህሌ፣ ሰውየውን ማክበር እኮ ነው። ‹የጥናቱ ታማኝ ጠባቂ አቶ ዘርጋ› ብለን…»

«ታማኝ የሚለውን ቃል አንተ አትጥራው!»

መቀሴን ጠረጴዛው ላይ ወረወርኩት። ተንሸራቶ ወለሉ ላይ ወደቀ። ኢንጂነር ታደለ ደንገጥ ብሎ ከዘራውን ወደ ጉልበቱ ሳበ። የተቀመጠው ደንበኛ ሱሪው እስኪተኮስለት በሚጠብቅባት ወንበር ላይ ነው። ግራጫ ሱፍ ለብሷል፤ የኮቱ ገበር በጥሩ እጅ የተሰፋ ነው። ሙያዬ ስለሆነ፣ እየተናደድኩም ቢሆን እሱን ሳላይ አላለፍኩም። ደጅ ላይ ሾፌሩ የነጩን መኪና ሞተር ሳያጠፋ ይጠብቀዋል።

«ደግሞ አንተ ማለት ጀመርክ?» አለኝ ፈገግ ለማለት እየሞከረ። «ድሮ እርስዎ ነበር የምትለኝ።»

«ድሮ እኔ ጎረምሳ ነበርኩ፤ አንተ ደግሞ ጂፕ ነበረህ።»

የመጣበትን ጉዳይ የነገረኝ እንደ ሠርግ ጥሪ አድርጎ ነው። ንጉሡ ገና ዙፋናቸው ላይ በነበሩባቸው የመጨረሻ ዓመታት፣ ከአንድ ፈረንጅ ዶክተር ጋር ሆኖ እዚህ ጉራጌ አገር ላካሄደው ጥናት መታሰቢያ ሐውልት ሊያቆም ነው። ሐውልቱ የሚቆመው ከወልቂጤ ወደ አገና በሚወስደው መንገድ ባለው በአጎቴ በዘርጋ መንደር ነው። እኔ ደግሞ በምረቃው ቀን ቆሜ ግጥም አነባለሁ። «አንተ መቼም የጥንት ገጣሚ ነህ» አለኝ። የጥንት ገጣሚ! ያኔ በሁለት ስንኝ የተነሣ ፖሊስ በጥፊ ሲያጮለኝ፣ እሱ ሆቴሉ በረንዳ ላይ ቆሞ ጥርሱን በስንጥር ሲጎረጉር ነበር። ያንን የረሳው ይመስላል። ሰዎች ከሸመገሉ በኋላ የሚረሱት ነገር ሁልጊዜ ለራሳቸው የሚመች መሆኑ ይገርመኛል።

ጥናቱ «የዘመን ጅረት» ይባል ነበር። ስሙን ለመጀመሪያ ጊዜ ስሰማ፣ እውነቱን ለመናገር፣ ልቤ ዘለለ። ዶክተሩ እንደሚለው ከምድር በታች የሚሄድ አንድ ኃይል አለ፤ ውሃ አይደለም፣ ኤሌክትሪክም አይደለም። ከቦታ ወደ ቦታ ብቻ ሳይሆን ከዘመን ወደ ዘመን ይፈሳል። ቡታጅራ አጠገብ ያሉትን ትክል ድንጋዮች ያቆሙት ሰዎች ከእግራቸው ሥር ሲያልፍ የተሰማቸው ኃይል፣ ተራራውን ተሻግሮ ወልቂጤ የሚደርሰው በእኛ ዘመን ነው። ከእኛ በኋላ ደግሞ ሌላ ቦታ፣ ለሌሎች ሰዎች ይደርሳል። ይህንን ሁሉ የሚለካው በአንዲት የእንጨት ሣጥን ነው፤ ውስጧ መዳብ ሽቦ ተጠምጥሞባታል፣ ላይዋ ላይ መርፌ ይንቀጠቀጣል። እኔ ያኔ ስኳር የተጠቀለለባትን ጋዜጣ እያነበብኩ ፊደል ያጠናሁ፣ በልብስ ጠመኔ በቁርጥራጭ ካርቶን ላይ ግጥም የምጽፍ ልጅ እግር ልብስ ሰፊ ነበርኩ። ከዘመን ወደ ዘመን የሚፈስ ጅረት! እንዲህ ያለውን ነገር ሰው በሣጥን ይለካዋል ብዬ አስቤ አላውቅም ነበር። የምሠራባት በረንዳ ከሆቴላቸው ፊት ለፊት ስለነበረች፣ ሲወጡም ሲገቡም አያቸው ነበር።

የዛሬዋን ወልቂጤ የሚያውቅ ያንን በረንዳ አያገኘውም። ባጃጁ፣ ፎቁ፣ የዩኒቨርሲቲው ተማሪ ውጦታል። ያኔ ከተማው የጅማን መንገድ ይዞ የተዘረጋ አንድ መስመር ነበር፤ ከመስመሩ ጀርባ ወዲያው እንሰት ይጀምራል። ከአዲስ አበባ የሚመጣው አውቶቡስ ሲቆም ሎሚ ሻጩ፣ ቆሎ ሻጩ፣ ሥራ ፈቱ፣ ሁሉም ይሮጣል። ሻይ አሥር ሳንቲም፣ ቦምቦሊኖም አሥር ሳንቲም ነበር። አንጸባራቂውን የቴትሮን ሸሚዝ የለበሰ ሰው በመንገዱ መሐል ነበር የሚሄደው፣ ጥላ ሥር ከገባ አይታይማ። ሱሪ ከጉልበት በታች እየሰፋ እየሰፋ ሄዶ ጫማ የሚሸፍንበት ጊዜ ነበር፤ ከአዲስ አበባ ለመስቀል የሚመጡት የአገራችን ልጆች እያሳዩን፣ እኛ ደግሞ የአባታችንን ካኪ ፈትተን ከታች ሦስት ማዕዘን ጨርቅ እየቀጠልን ሰፊ እናደርገው ነበር። ከሆቴሉ ውስጥ ሸክላ ሲዘፍን ይውላል። ሸክላው ስለተጫረ ዘፋኙ አንድ ቦታ ሲደርስ የፍቅረኛውን ስም ብቻ እየደጋገመ ይቀራል፤ አስተናጋጇ ሮጣ በጣቷ ገፋ እስክታደርግለት። ዛሬም ያንን ዘፈን በሬዲዮ ስሰማ፣ ስሙ ላይ ሲደርስ ይቆማል ብዬ እጠብቃለሁ። አይቆምም፤ ያልፋል፤ ይቆጨኛል።

ሰዎች ግን እዚህ ላይ ሲደርሱ «አይ ያ ደግ ዘመን!» ይላሉ። ደንበኞቼ ይላሉ። ልጆቼም ከእነሱ ሰምተው ይላሉ። ደም ሥሬ የሚገተረው ያኔ ነው። ሻዩ አሥር ሳንቲም ነበር፤ አልክድም። ሻዩን የሚጠጣው ሰው ግን ከቆመበት መሬት ላይ ማን መቼ እንደሚያነሣው አያውቅም ነበር።

የአጎቴ መንደር ጀፎረ ነበረው። ጀፎረ ፊት ለፊት በሁለት ረድፍ በተሠሩ ጎጆዎች መሐል የተነጠፈ ሰፊ የሣር ሜዳ ነው። መንገድም ነው፣ ሸንጎም ነው። ከብቱ ማታ የሚሰበሰብበት፣ ልጁ የሚላፋበት፣ ሙሽራ የሚገባበት፣ ሰው ሲሞት ደግሞ አገር ሙሉ ተሰብስቦ የሚያለቅስበት ነው። ማንም አያርሰውም፣ ማንም አያጥረውም። የማንም ስላልሆነ የሁሉም ነው። የዚያን ጀፎረ ጥበቃ ሽማግሌዎቹ ለአጎቴ ለዘርጋ ሰጥተውት ነበር፤ አጥሩን ገፋ ያደረገ ሰው ሲኖር የሚቆጣው እሱ ነበር። አጭር፣ ደረቅ፣ ብዙ የማያወራ ሰው ነበር። አባቴ ከሞተ በኋላ ያሳደገኝ እሱ ስለሆነ፣ ዝምታውን ከሰው ሁሉ ይልቅ እኔ አውቀዋለሁ።

የዶክተሩ መርፌ ጀፎረው ላይ ሲደርስ ተንቀጠቀጠ ተባለ። ጅረቱ በጀፎረው ልክ፣ በወርዱም በርዝመቱም፣ ከሥሩ እየፈሰሰ ነው ተባለ። በማግሥቱ ኢንጂነር ታደለ አናታቸው ቀይ የተቀባ ችካሎች ጂፕ ሙሉ ይዞ መጣ። በሣሩ ግራና ቀኝ፣ ከላይ እስከ ታች፣ በሁለት መስመር ቸከላቸው። መንደርተኛው ወጥቶ ቆሞ ያያል። ያን ቀን አብሬ ነበርኩ፤ አጎቴን ልጠይቅ ወጥቼ።

«ይሄ ምንድን ነው?» አለ አጎቴ።

«ጥናት ነው አባቴ» አለ ታደለ። ያኔ ቀጭን ነበር፤ ጥቁር መነጽር ያደርጋል። «የመንግሥት ዕቃ ነው፤ የእንግዳም ዕቃ ነው። ዶክተሩ ከአገሩ ድረስ የመጣው ለዚህ ነው። አንድ ችካል ከተነቃነቀ ልፋቱ ሁሉ ገደል ገባ። አደራ እላችኋለሁ።»

አደራ አለ። ይህንን ቃል የት እንደሚናገረው ያውቅ ነበር ብዬ እስከ ዛሬ አምናለሁ። የእኛ አገር ሰው ግማሹ አዲስ አበባ ነው፤ ሱቅ ውስጥ፣ ገበያ ውስጥ፣ ሊስትሮ ሣጥን ላይ። ቤቱን፣ እንሰቱን፣ ላሙን፣ ልጆቹን ለጎረቤት አደራ ብሎ ነው የሚሄደው። ለመስቀል ሲመለስ ሁሉንም እንደተወው ያገኘዋል፤ ባያገኘው ኖሮ ማንም አገሩን ለቆ አይወጣም፣ የወጣውም አይመለስም ነበር። እኛ ዘንድ አደራ የተባለ ዕቃ አይነካም። ጠባቂው ቢጠላው፣ ቢሰለቸው፣ ቤቱን ቢያጣብበው እንኳን አንሥቶ አይጥለውም። ባለቤቱ መጥቶ ይወስደዋል፤ አለቀ።

አጎቴ ወደ መጀመሪያው ችካል ሄደ። መዳፉን ቀዩ ራስ ላይ አሳረፈ። ቀለሙ ስላልደረቀ እጁ ቀላ።

«ባለቤቱ መጥቶ በገዛ እጁ እስኪወስደው ድረስ ማንም አይነካውም» አለ። «እኔ አለሁበት።»

ሽማግሌዎቹም እሺ አሉ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ከብቱ እንኳን ችካሉን እየዞረ ነበር የሚያልፈው፤ ልጆች ስለሚጠብቁት። አንዲት አሮጊት ችካል ላይ እርጥብ ልብስ ልትዘረጋ ስትል ጎረቤቶቿ የጮኹባትን አስታውሳለሁ፤ «ያንቺ ነው እንዴ? የሰው ዕቃ!»

ከዚያ ባለቀላዶቹ መጡ። መሬት የሚለኩት የግራዝማቹ ሰዎች ማለቴ ነው፤ ግራዝማቹ ወልቂጤ ትልቅ ቤት የነበራቸው የአካባቢው ባለ ርስት ነበሩ። የመጡት ግን ብዙ ሳይለኩ ነው። በችካሎቹ መሐል ያለው መሬት የማንም ይዞታ አይደለም አሉ። ስለዚህ የግራዝማቹ ነው። ወሰኑ? ወሰኑማ ተቸክሏል፤ እናንተው ራሳችሁ አንነካውም ብላችሁ በሽማግሌ ፊት ቃል የገባችሁበት። ካርታውንም አሳዩን። የኢንጂነር ታደለ እጅ ጽሑፍ ነበረበት።

የዚያን ቀን መንደሩ ተቆጣ። ጎረምሶቹ ችካሉን እንንቀለው ብለው ተነሡ። አጎቴ መሐላቸው ገባ።

«አትነኩም!»

«ጋሼ ዘርጋ፣ በዚህ ችካል አይደለም እንዴ አገራችንን የሚወስዱት?»

«እኔ የተቀበልኩት ከግራዝማቹ አይደለም። ከእንግዳው ነው። ሄጄ ዕቃህን አንሣ እለዋለሁ፤ ያነሣል፤ ያኔ ወሰንም የለም።»

ቀላል ነገር አድርጎ ነበር ያየው። ባለቤቱ ችካሉን ካነሣ የእሱ ቃል ይፈታል፣ የግራዝማቹ ወሰን ይጠፋል፣ ጀፎረው ሣሩን ይዞ ይቀራል። ወልቂጤ ወርዶ በረንዳዬ ላይ ሲደርስ ጂፑ የለም፤ ጥናቱ ወደ ቡታጅራ ዞሯል ተባልን። መቀሴን ለአለቃዬ ሰጥቼ ተከተልኩት።

በአገና አድርገን ተራራውን በእግር ነው ያቋረጥነው። ከላይ ገብሱ ገና አረንጓዴ ነው፤ ብርዱ ጆሮ ይቆርጣል። አጎቴ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የተናገረው፤ «ሰውየው ባያውቅ ነው፤ ሲነገረው ያፍራል» አለኝ። ወደ ቡታጅራ ስንወርድ ገና ከተማው ሳይታይ የበርበሬው ሽታ ተቀበለን። ገበያ ቀን ነበር። ከእንሴኖ በኩል በርበሬ የጫኑ መኪናዎች ተደርድረዋል፤ ከተማው ሙሉ ቀይ ነው፤ ሰው እያስነጠሰ ነው የሚጨባበጠው። አጎቴ ያንን ቀይ ሁሉ አይቶ ፊቱን አዞረ። የገባነው ኸይሩ የሚባል ሰው ሻይ ቤት ነው፤ አጎቴ ከዱሮ ጀምሮ ያውቀዋል፣ ቆዳ አብረው ነግደዋል።

«አሰላሙ ዓለይኩም ዘርጋ! በእግርህ? በቅሎህን ምን በላት?»

አጎቴ ነገሩን አስረዳው። ኸይሩ የሻይ ብርጭቆ እያጠበ አዳመጠና ሳቀ።

«የዘመን ጅረት? ወላሂ፣ እኛ የውሃ ጅረት አጥተን ሴቶቻችን በእንስራ ወገባቸው ተቆረጠ፣ እነሱ የማይታይ ጅረት ፍለጋ! ያ ፈረንጅ እዚያ ድንጋዮቹ ጋ ነው። በባዶ ጉልበቱ ታውቀዋለህ፤ ቁምጣ ነው የሚለብሰው፣ አልሐምዱሊላህ የእኛ ሰው ለምዶታል።» ከዚያ ሳቁን አቆመ። «ዘርጋ፣ እኔ ብሆን ነቅዬ ማገዶ አደርገው ነበር።»

«አታደርገውም» አለ አጎቴ።

ኸይሩ ብርጭቆውን አስቀመጠ። «ልክ ነህ። አላደርገውም» አለ። ሻዩንም አላስከፈለንም።

ዶክተሩን ያገኘነው ትክል ድንጋዮቹ መሐል ጃንጥላ ሥር ነው። ታደለም አለ። ካርታው በማጠፊያ ጠረጴዛ ላይ ተዘርግቷል፤ ከድንጋዮቹ ተነሥቶ ተራራውን አቋርጦ ወልቂጤ የሚገባ ሰማያዊ መስመር ይታያል። ዶክተሩ አማርኛ እንደ ሕፃን ቁርጥ ቁርጥ አድርጎ ይናገራል፤ ክፉ ሰው አልነበረም። አጎቴ የመንደሩን ስም ሲጠራለት ራሱን ነቀነቀ።

«እዚያ የለም» አለ። «ጅረት የለም። እኔ ስህተት። ሣጥን ተበላሽቶ ነበር።» ከኪሱ ላጲስ አወጣ። በዓይናችን ፊት፣ በሁለት በሦስት ፍቅታ፣ የአጎቴን መንደር ከመስመሩ ላይ አጠፋው። የላጲሱን ፍርፋሪ እፍ አለው። «አሁን በዚህ በኩል» ብሎ በጣቱ ወደ ምሥራቅ አሳየን።

አጎቴ ባዶውን ቦታ ለረጅም ጊዜ አየው።

«እንግዲያው ችካሉን ውሰዱልኝ» አለ።

«እሺ፣ እሺ» አለ ዶክተሩ። ወደ ታደለ ዞሮ በቋንቋቸው አንድ ነገር ተናገረና ወደ ሣጥኑ ተመለሰ። ታደለ አጎቴን ትከሻውን አቅፎ ከጃንጥላው ሥር አወጣው።

«እመጣለሁ አባቴ። በዚህ ሳምንት መጥቼ እነቅላለሁ።»

«መንገዱ ካደከመዎት ንቀለው ይበሉኝ፤ እኔው እነቅለዋለሁ። አንድ ቃል ነው።»

ታደለ መነጽሩን አወለቀ። ዓይኑን ያን ቀን ነው ያየሁት። «አይሆንም» አለ። «የመንግሥት ንብረት ነው። እኔ ሳልኖር አንድ ችካል ብትነካ ትታሰራለህ። ጠብቅ፤ እመጣለሁ።»

አልመጣም። ያ ሳምንት አለፈ፣ ወሩም አለፈ። አጎቴ ከጀፎረው ራስ ላይ ተቀምጦ ጂፕ ይጠብቃል፤ ወልቂጤ ወርዶ በጠየቀው ቁጥር ታደለ «እመጣለሁ ብያለሁ» ይለዋል። ጎረምሶቹ ሲያልፉ «ጅረቱ ደረሰ ወይ?» ይሉታል። ግራዝማቹ ሽቦ አጠሩ፣ ባሕር ዛፍ አስተከሉ። ታደለ ደግሞ ወልቂጤ ላይ ከግራዝማቹ ቤት አጠገብ፣ መንገዱ ዳር፣ ቦታ ተሰጠው፤ ወዲያው ግንብ ቤት ጀመረበት። ግንቡ ሲወጣ ከበረንዳዬ አየው ነበር። ያኔ ነው ሁለቱን ስንኝ የጻፍኩት፤ በጠመኔ፣ በአንድ የተፈታ ካኪ ላይ፦

የማይታይ ጅረት አለ ብለው መጡ፣
የሚታየውን ሣር ከእግራችን ሥር ሸጡ።

አለቃዬ አነበበውና ጠረገው፤ ነገር ግን ሎሚ ሻጮቹ ሰምተውት ነበር። በሳምንቱ አውቶቡስ በቆመ ቁጥር ሲዜም ዋለ። ጥፊዋም ተከተለች፤ ከበረንዳውም ተባረርኩ። ይህ ለእኔ ምንም አልነበረም። ወጣት ነበርኩ፤ እንደውም ኮርቼበታለሁ።

በአጎቴ የደረሰው ግን ሌላ ነው። ማንም አልሰደበውም፣ ማንም አልመታውም። ብቻ ተዉት። ለደቦ አይጠሩትም። የእሱ ደቦ ላይ አይመጡም። ለሽምግልና ሲቀመጡ ቦታው ባዶ ይሆናል እንጂ ሰው አይላክለትም። «ሸጠን» አሉ። የእኛን አገር የማያውቅ ሰው ይህ ምን ማለት እንደሆነ አይገባውም፤ ሰው በቁሙ የሚቀበርበት መንገድ ነው። ሚስቱ እያለቀሰች «ንቀለውና ይሰሩህ፤ እስር ቤት ቢያንስ ሰው አለበት» ትለው ነበር። እሱ «ሰውየው እመጣለሁ ብሏል» ይላል። ሲሞት ለቅሶው የተቀመጠው ከቤቱ ጀርባ እንሰት ውስጥ ነው። ጀፎረው ታጥሯላ። በሜዳው ላይ ክብ ሠርቶ ሲያለቅስ የኖረ ሕዝብ፣ በእንሰት ቅጠል መሐል ፊት ለፊት ሳይተያይ፣ እዚህም እዚያም ቆሞ ነጠል ነጠል እያለ አለቀሰ። የመጣውም ጥቂት ነበር።

ከዚያ በኋላ ሁሉም ተገለባበጠ። ንጉሡ ሄዱ፣ ግራዝማቹ ሄዱ፣ ዶክተሩ ከእነሣጥኑ አገሩ ገባ፣ ሽቦው ወለቀ። ባሕር ዛፉ ግን ሥሩን ሰዷል፤ በተቆረጠ ቁጥር ያቆጠቁጣል፤ ሣሩ አልተመለሰም።

ይህንን ሁሉ፣ እንዲህ በተርታ ሳይሆን እየጮህኩና እያቋረጥኩ፣ ለኢንጂነር ታደለ ነገርኩት። የሚያውቀውን ነው የነገርኩት። አዳመጠ። ከዚያ፣

«ሳህሌ፣ እስቲ በሰከነ መንፈስ አስብ» አለ። «ግራዝማቹ የመንግሥት ወረቀት ነበራቸው። ችካሉ ባይኖር አይወስዱትም ነበር?»

«ይወስዱት ነበር።»

«ታዲያስ!»

«ከእጃችን ይወስዱት ነበር። በአጎቴ ቃል አይወስዱትም ነበር። እሱም ከጎረቤቶቹ ጋር ሆኖ ይዘረፍ ነበር እንጂ ለብቻው አይሞትም ነበር።»

ጣቱን በከዘራው ራስ ላይ አሻሸ። ከዚያ እስከዚያች ሰዓት ያልነገረኝን አወጣው፤ ምናልባት ደግ ነገር መስሎት።

«ልጄ ቦታውን በሊዝ ወስዶታል። ባሕር ዛፉን መንጥሮ ሎጅ ሊሠራ ነው፤ ለአገሩ ሥራ ይፈጥራል። የመንደሩ ሽማግሌዎች ግን ጀፎረያችን ነው እያሉ አስቸግረውታል። ቦታው ገና ያኔ በፈቃድ ለጥናቱ የተሰጠ መሆኑን፣ ዘርጋን የሚያህል ሰው ቃሉን ሰጥቶ እንደጠበቀው ቢያውቁ… አንተም የሥጋ ዘመዱ ቆመህ ብትናገር…»

ሳቅ መጣብኝ። ደስ የሚል ሳቅ አልነበረም። ሐውልቱ፣ ወርቅ ቀለሙ፣ ግጥሙ፣ ሁሉም ይኸው ነው። ያንኑ ጀፎረ፣ በዚያው ሰውዬ ቃል፣ ለሁለተኛ ጊዜ።

«ተነሥ» አልኩት።

ከዘራውን ተደግፎ ተነሣ፤ ፊቱ ቀልቷል። «ሸምግለህም ያው ነህ። ግጥሙን ሌላ ሰው ይጽፈዋል። ስሙንም ያላንተ ፈቃድ ማስቀረጽ እችላለሁ።»

«ትችላለህ። መጀመሪያ ግን ዕቃህን ውሰድ።»

ከስፌት መኪናዬ ጀርባ፣ ግድግዳው ጥግ፣ በደረቀ የእንሰት ቅጠል የተጠቀለለውን አወጣሁ። አንድ ቀን ላም ገፍታ የጣለቻት ችካል ናት። አጎቴ መልሶ ልትከላት ቢል ሥሯ ተሰብሯል፤ እንዳትጠፋ ብሎ ጠቅልሎ ከጎጆው ጣሪያ ላይ ሰቀላት። ሊሞት ሲል አስወርዶ እጄ ላይ አኖራት። «ባለቤቱ ሲመጣ ስጠው» አለኝ። ሌላ ኑዛዜ አልነበረውም። ቅጠሉን ፈታሁት። የጎጆው ጭስ አጥቁሯታል፤ ራሷ ላይ ግን ቀዩ አሁንም አለ።

«ምንድን ነው ይሄ?»

«የራስህን ዕቃ ረሳኸው?»

አየው፤ አወቀው። ወደ ኋላ አንድ እርምጃ ሄደ። «ምን አደርገዋለሁ? ጣለው በቃ!»

«አልጥለውም። መጣል የባለቤቱ ሥራ ነው። አደራው ሲመለስ ደግሞ ጠባቂ የሚባል ሰው የለም፤ ድንጋይህ ላይ የምትጽፈው አይኖርህም። ነገ መንደር ወጥቼ ለሽማግሌዎቹ፣ ባለቤቱ መጣ፣ ዕቃውን ወሰደ፣ ዘርጋ ቃሉን ጨረሰ እላቸዋለሁ። የቀረውን እነሱ ከልጅህ ጋር ይነጋገሩ።»

«አብደሃል» ብሎኝ ወጣ። ከዘራው ደረጃው ላይ ኳ ኳ አለ። ችካሏን ይዤ ተከተልኩት። ባጃጅ ሾፌሮቹ ጨዋታቸውን አቁመው አዩን፤ አንዱ «ጋሼ ሳህሌ፣ ሽማግሌ ልትመታ ነው እንዴ?» ብሎ ጮኸ። ታደለ ቶሎ ብሎ መኪናው ውስጥ ገባና ከኋላ ወንበር ላይ ተቀመጠ። በሩን ሳይስበው ደረስኩ። ችካሏን ጭኑ ላይ፣ ግራጫው ሱፍ ላይ አጋደምኳት። ጥላሸቱ ሱሪውን እንዳያበላሽበት ብሎ በድንጋጤ በሁለት እጁ ያዛት።

በገዛ እጁ።

«ያዝካት?» አልኩት።

በሩን ዘጋሁት።